ግልባጭ፦ ለጥበቃ ክፍል

አርብ ከሰዓት በኋላ፣ ወደ አሥር ሰዓት ተኩል ግድም፣ በመሥሪያ ቤታችን አለቃ ይጠፋል። ሥራ አስኪያጁ መስክ ይወጣሉ። ምክትላቸው ስብሰባ ይገባሉ፤ ስብሰባው የት እንደሆነ ጸሐፊያቸውም አታውቅ። የፋይናንስ ኃላፊው ድንገት ጥርሳቸውን ያማቸዋል። ከላይኛው ፎቅ እስከ ምድር ቤት «እኔ ነኝ የወሰንኩት» የሚል አንድ ሰው ሲታጣ፣ የመዝገብ ቤቷ ልጅ የደብዳቤ ማስፈረሚያ ደብተሯን ብብቷ ሥር ሸጉጣ ብቅ ትላለች። «እዚህ ጋ ፈርሚልኝ፣ እናቴ» ትላለች፣ ዓይኗን ጣሪያው ላይ ሰቅላ። በዚያች ቅጽበት የአንድ ቤት እንጀራ ተቆርጧል ማለት ነው።

ለምን አርብ እንደሆነ ጠይቄ አውቃለሁ። «ቅዳሜና እሑድ አርፎ፣ ተረጋግቶ እንዲያስብበት ነው» ተባልኩ። ማረፉስ ደግ ነበር። ነገር ግን አርብ ማታ ደብዳቤ የደረሰው ሰው ጥያቄ ቢኖረው ቢሮው ዝግ ነው፤ ስልክ ቢደውል የሚያነሣ የለም፤ እስከ ሰኞ የሚማከረው ከመኝታ ቤቱ ኮርኒስ ጋር ነው። የሚያርፈው ሰጪው ነው እንጂ ተቀባዩ አይደለም።

እኔ የምሠራው የሰው ሀብት አስተዳደር ውስጥ ነው። ሰው ሲቀጠር አለቆች ንግግር ያደርጋሉ፤ ሰው ሲሰናበት እኔ እጠራለሁ። «አንተ እንኳ አነጋገር ታውቅበታለህ» ይሉኛል። በአገራችን ይህ ምስጋና ሳይሆን ሸክም ነው። አነጋገር ያውቃል የተባለ ሰው ሽምግልና ይላካል፣ ያልተከፈለ ብድር እንዲጠይቅ ይላካል፣ ባልና ሚስት ሲጣሉ ከእንቅልፉ ይቀሰቀሳል፤ መሥሪያ ቤት ሲገባ ደግሞ ዕጣው ይኸው ነው።

ደብዳቤውን የማረቅቀው እኔው ስለሆንኩ ጠባዩን አውቀዋለሁ። «ጉዳዩ፦ የሥራ ውል ስለማቋረጥ ይሆናል» ብሎ ይነሣል። «በርዕሱ ለመግለጽ እንደተሞከረው» ይቀጥላል፤ ሙከራው ተሳክቷል፣ ሴትየዋ ርዕሱን እንዳየች ገብቷታል። ከዚያ «ሆኖ በመገኘቱ»፣ «ስለታመነበት»፣ «እንዲቋረጥ ስለተወሰነ» ይከተላል። ማን አገኘው? ማን አመነበት? ማን ወሰነው? አባት የለውም። መጨረሻው ላይ «እስከ ዛሬ ላበረከቱት አስተዋጽኦ እያመሰገንን» ይልና «ከሰላምታ ጋር» ብሎ ይዘጋል። ክብ ማህተም ያርፍበታል። ቀጥሎ ግልባጩ ይደረደራል፦ ለፋይናንስ፣ ለንብረት ክፍል፣ ለውስጥ ኦዲት፣ ለግል ማኅደር፣ ለጥበቃ ክፍል።

ለጥበቃ ክፍል የምትለዋን ልብ በሉልኝ። ግልባጭ ብዙ ጊዜ ከዋናው ይቀድማል። ሰውየው ላይ ሆኖ የሩብ ዓመት ሪፖርት ሲያዘጋጅ፣ በር ላይ ያሉት ጥበቃ መሰናበቱን ያውቃሉ። ጠዋት መታወቂያውን አገላብጠው ያሳለፉት ሰው፣ ከምሳ ሲመለስ ኮፍያቸውን አንሥተው «ግባ፣ ግባ የኔ ልጅ» ይሉታል። ሠራተኞቻችን ይህን ከደረሱበት ቆይተዋል፤ የበሩ ሰላምታ ከወትሮው ሞቅ ካለ ሲቪያቸውን ማስተካከል ይጀምራሉ።

እኚህ ጥበቃ የቀድሞ ወታደር ናቸው፤ ሁላችንም ጋሼ እንላቸዋለን። አንድ ጊዜ ከሒሳብ ክፍል የተሰናበተች ልጅ ካርቶኗን ታቅፋ ስትወጣ ከመስኮት አየኋት። ካርቶኑ ውስጥ የሻይ ብርጭቆዋ፣ የምሳ ዕቃዋ፣ ለዝናብ ቀን ጠረጴዛዋ ሥር የምታስቀምጠው ጫማና የልጇ ፎቶ እንዳለ አውቃለሁ፤ ስታስገባ አጠገቧ ነበርኩ። ለጋሼ የደረሳቸው ግልባጭ «የድርጅቱን ንብረት ይዛ እንዳትወጣ ተፈትሻ ትውጣ» ይላል። ጋሼ ከወንበራቸው ተነሡ። ካርቶኑን ከእጇ ተቀበሉ። ክዳኑን አልነኩትም። በሩን ለባልደረባቸው ትተው አስፋልቱን አሻገሯት፤ ሚኒባስ አስቆሙና ረዳቱን «ይህችን ልጅ ጋቢና አስገባት፤ ዕቃ ይዛለች» ብለው አዘዙት። ረዳቱም «እሺ አባባ» አለ። ሲመለሱ ከመስኮቱ ሥር አገኙኝ። «ምን ታያለህ? ፈትሻለሁ» አሉኝ።

ከዚያ ወዲህ «ርኅራኄ በሥራ ቦታ» በሚል ርዕስ ሆቴል አዳራሽ ውስጥ ሥልጠና ተሰጥቶናል፤ ሻይ ዕረፍቱ ላይ ሁለት ዓይነት ኬክ ነበር። ጋሼ አልተጋበዙም።

እኔን የሚደንቀኝ ሌላ ነው። አርብ ከሰዓት የሚሰወሩት እነዚሁ አለቆች ሰፈራቸው ውስጥ ሰው ሲሞት ፈጽሞ ሌላ ሰው ይወጣቸዋል። አንዲት እናት ልጇ ሩቅ አገር ሞተባት እንበል። ወሬው የደረሰው ቀን ነው። ስልክ አንሥቶ የሚነግራት አይኖርም። የቅርብ ሰዎች ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ይመካከራሉ፦ ማን ይናገር፣ ማን ይያዛት፣ ግፊቷስ፣ መድኃኒቷን ወስዳለች ወይ? አመሻሽ ላይ አንዷ ጎረቤት «እንዲያው ብቻዬን ብሆን ነው የመጣሁት» ብላ ትገባና እራቷን መብላቷን ታያለች፤ ስልኳንም በዘዴ «ቻርጅ ላድርግልሽ» ብላ ትወስድባታለች። ያን ሌሊት እንድትተኛ ይተዋታል። ሊነጋጋ ሲል፣ አሥራ ሁለት ሰዓት ሳይሞላ፣ ሰው ከመንገዱ ጥግ ይሰበሰባል። ነጠላ የሚዘቀዘቀው ከተነገረ በኋላ ነው፤ እስከዚያ እንደ ወትሮው ለብሰው ነው የሚመጡት። ሽማግሌ ይቀድማል። ጉልበት ያላቸው ሴቶች ግራና ቀኝ ይቆማሉ፣ ራሷን ስትጥል እንዲይዟት። ውኃ ተዘጋጅቷል። ከዚያ በአጭሩ ይነገራታል። «ስሜትሽን እረዳለሁ» የሚላት የለም፤ አብረው ይጮኻሉ። ተናግሮ የሚሄድም የለም፤ ድንኳን ይተከላል፣ እድሩ ወንበሩንና ድስቱን ያወጣል፣ ንፍሮ ይጣዳል።

ሥርዓቱ ባሕር ተሻግሮም አልጠፋም። ዋሽንግተንና ዙሪያዋ ያሉ ወገኖቻችን፣ ሐዘንተኛው ለጠዋት ፈረቃ ሳይወጣ ገና በጨለማው በሩን ያንኳኩበታል፤ ከመካከላቸው የአሠሪውን ስልክ የያዘ፣ የአውሮፕላን ትኬት ዋጋ ያጣራ ሰው አይታጣም። ሐኪሞችም ለምደውታል። ሲያትል ከሚገኘው ሃርበርቪው ሆስፒታል የወጣ ለሕክምና ባለሙያዎች የተዘጋጀ የባህል መረጃ፣ ለኢትዮጵያዊ ታካሚ ከባድ ነገር ከመንገር በፊት ቤተሰቡን ማማከር እንደሚበጅ ይመክራል።

ፈረንጆቹም ቢሆኑ ነገሩን በደረጃ አስቀምጠውታል። በ2000 እ.ኤ.አ. ዋልተር ቤይል፣ ሮበርት በክማንና ባልደረቦቻቸው ለካንሰር ሐኪሞች የክፉ ዜና አነጋገር ስድስት እርከን አወጡ፦ ገለል ያለ ቦታ አዘጋጅና ተቀመጥ፤ ሰውየው የሚያውቀውን ጠይቀው፤ ምን ያህል ማወቅ እንደሚፈልግ ተረዳ፤ ግልጽ በሆነ ቋንቋ ንገረው፤ ስሜቱን ተቀበል፤ ቀጥሎ የሚሆነውን አብራችሁ አቅዱ። ይህ ጽሑፍ እስከ ዛሬ በሕክምና ትምህርት ቤቶች ይጠቀሳል። ለአክስቴ በአማርኛ ባነበብኩላት ጊዜ በጥሞና ሰምታ «መልካም፤ ውኃውን ማን ይያዝ ይላል?» አለችኝ።

ታዲያ ይህን ሁሉ የሚያውቅ ሰው ቢሮ ሲገባ ምን ይነካዋል? እኔ የደረስኩበት መልስ አጭር ነው። መርዶ ነጋሪ እጁ ንጹሕ ነው፤ ገዳዩ እሱ አይደለም። እያለቀሰ ቢናገር የሚያማው የለም። አለቃ ግን የሚናገረው የገዛ እጁን ሥራ ነው። ስለዚህ ወይ መስክ ይወጣል፣ ወይ «ከበላይ አካል የመጣ ነው» ይላል። የበላይ አካሉ ማን እንደሆነ ሲፈለግ አንዳንዴ ራሱ ሰውየው ሆኖ ይገኛል።

የባሰው ግን ሌላ ነው። ከመርዶ ጥበብ ውስጥ ወደ ቢሮ ይዘን የገባነው የማይረባውን ግማሽ ብቻ ነው፤ አብሮ ማልቀሱን፣ ደግፎ መያዙን፣ ድንኳኑን እደጅ ጥለን፣ ማዘግየቷንና «ትንሽ አሞታል» የምትለዋን ውሸት ይዘን ገባን።

አንድ ዓመት የሆነውን ላጫውታችሁ። አንድ ፕሮጀክት ሊዘጋ ሆነ፤ የሚቀነሱት ሰዎች ታወቁ፤ የቀረው መቼ ይነገር የሚለው ነበር። የካቲት እያለቀ ነው። ማኔጅመንቱ ተሰበሰበ። «ዐቢይ ጾም ገብቷል፤ በባዶ ሆድ አይነገርም» አሉ አንዱ። እውነት ነው ተባለ። «በዓል አፋፍ ላይማ እንዴት ይሆናል፤ ዶሮዋን ትብላ» አሉ ሌላው፤ ይህም እውነት ነው ተባለ። ፋሲካ ሲያልፍ ዳግማይ ትንሣኤ ይለፍ ተባለ። ግንቦት ልደታ መጣ። ሙስሊም ባልደረቦቻችንም በዓል አላቸው፣ አረፋ ይለፍ ተባለ። ሰኔ ላይ የልጆች ፈተና ነው። ሐምሌ ላይ ክረምት ነው፤ «ሰው በዝናብ ይበተናል ወይ?» ነሐሴ ላይ የትምህርት ቤት ምዝገባ ሆነ። መስከረም እንቁጣጣሽና መስቀል አሉባት። ነፃ ሆና የተገኘችው ጳጉሜ ብቻ ነበረች፤ እሷንም «በአምስት ቀን ይህ ሁሉ ነገር ያልቃል?» ብለው ጣሏት። የአሥራ ሦስት ወር ፀጋ ያላት አገር ክፉ ወሬ የሚነገርባት አንድ ቀን አጣች።

ይህ ሁሉ በደግነት ነው፤ ከሰዎቹ መካከል አንድም ክፉ አልነበረም። ተቀናሾቹ በዚህ መሃል ምን ያደርጉ ነበር? አንዱ ዕቁብ ገባ። አንዷ ፍሪጅ በዱቤ አስመጣች። ሾፌሩ ሌላ መሥሪያ ቤት በተሻለ ደመወዝ ሲፈልገው «እዚህ ለምጄአለሁ፣ ሰዉም ይወደኛል» ብሎ መለሳቸው። ሰዉ እውነትም ወዶት ነበር፤ የሚሆነውን ስለሚያውቅ ሻይ ይጋብዘው ነበር። አንዷ ልጅ «ምን ነክቷቸው ነው? ዘንድሮ ሁሉም ሰው ደግ ሆነብኝ» ብላኛለች። ዶሮዋን ትብላ ያልንላት ሴት፣ ሥራ የምትፈልግበትን ጊዜ እኛው በላንባት።

ይሉኝታን ርኅራኄ እያልን መጥራት ልማዳችን ነው። ሥራ ፈላጊውን «እንደውልልሃለን» ብለን እንሸኛለን፤ አንደውልም፤ ልጁ ስልኩን ሽንት ቤት ሳይቀር ይዞ ይገባል። ባለጉዳዩን «እየታየ ነው» እንለዋለን፤ የሚያየው የለም። «አይሆንም» ብንለው ኖሮ በዚያው ዕለት ሌላ በር ያንኳኳ ነበር።

በዚህ ነገር ሕጉ ከእኛ ይልቅ አንጀት አለው ብል አትታዘቡኝ። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ሠራተኛ ከመሰናበቱ በፊት ማስጠንቀቂያ ይሰጠው ይላል፤ እስከ አንድ ዓመት ላገለገለ አንድ ወር፣ ከአንድ እስከ ዘጠኝ ዓመት ለቆየ ሁለት ወር፣ ከዘጠኝ ዓመት በላይ ለሆነው ሦስት ወር፤ በሠራተኛ ቅነሳ ለሚወጣ ደግሞ ሁለት ወር። ማስጠንቀቂያው በጽሑፍ ይሁን፣ ምክንያቱና ቀኑ ይገለጽ፣ በእጁ ይሰጠው ይላል። አርቃቂዎቹ ሰው እንደሚያውቁ የገባኝ ግን ቀጥሎ ባለው ነው፦ ሠራተኛው ካልተገኘ ወይም አልቀበልም ካለ ደብዳቤው በማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ ለ10 ተከታታይ ቀናት ይለጠፋል። አልቀበልም የሚል አለ እንዴ? አለ እንጂ! የመዝገብ ቤቷን ልጅ ኮቴ ሰምቶ በኋላ በር የሚወጣ አለ። ደብዳቤ ሊሰጠው መሆኑን ሰምቶ ሐኪም ቤት የተኛ አለ። በፖስታው ላይ እጁ እንዳያርፍ ሁለት እጁን ኪሱ ከትቶ «እዛው ጠረጴዛው ላይ ተይው፤ አላየሁትም» ያለ አለ። እኔ አልስቅባቸውም፤ ያልተነገረ ነገር ገና አልሆነም ብሎ ማመን የሁላችንም ነው።

ቅነሳ ሲሆን ደግሞ ሕጉ ተራ አውጥቷል። ችሎታና ምርታማነት ያለው ይቀራል፤ በዚህ እኩል ከሆኑ አገልግሎቱ ያጠረው፣ ቀጥሎም ጥገኛ ቤተሰብ ያነሰው ይቀነሳል፤ አካል ጉዳተኞችና ነፍሰ ጡሮች መጨረሻ ላይ ናቸው። ይህ በተሰማ ማግስት በመሥሪያ ቤታችን የቤተሰብ ቁጥር አሻቀበ። ላጤ የምናውቀው ልጅ ሁለት ወንድም፣ አንድ የአጎት ልጅና አያቱን አስመዘገበ። ሐሰት ነው ብዬ ልጽፍ ነበር፤ ሳጣራ ግን እውነትም ሁሉንም የሚያስተዳድረው እሱ ነው። እስከዚያ ቀን የጠየቀው አልነበረም።

እንዲህ ያለ ነገር ሳይጠይቁ መፍረድ ያሳፍራል። አንድ ባልደረባችን «እናቴ ሞተችብኝ» ብሎ ፈቃድ የወሰደው ከአንድ ጊዜ በላይ ነው። አለቃው «የዚህ ሰው እናት ስንት ነፍስ ቢኖራት ነው?» ብለው ተሳለቁ። ጠራሁትና ጠየቅሁት። አንዷ የወለደችው ናት። አንዷ ያሳደገችው አክስቱ ናት። የአሁኗ ክርስትና ያነሣችው ናት። ሕጉ ለሐዘን 3 የሥራ ቀን ከደመወዝ ጋር ይፈቅዳል፣ ግን ለትዳር ጓደኛና ለቅርብ ዘመድ ነው። የክርስትና እናት በሕጉ የለችም። ስለዚህ «በሐዘን ፈቃድ አልችልም» አልኩት፣ ሳላወላውል፤ «ከዓመት ፈቃድህ ላይ አሁኑኑ እሞላልሃለሁ፣ ማታውኑ ተሳፈር» አልኩት። ሄደ። ለአንድ ሰው ለማዘን ሕግ መጣስ እንደማያስፈልግ፣ ሕግ ለማክበርም ፊት ማጥቆር እንደማያስፈልግ አለቆቻችንን ማሳመን አልቻልኩም።

በነገራችን ላይ፣ ሰው ማሰናበት በዚህች አገር ጥንትም አመል ነበረው። አፄ ኃይለ ሥላሴ ሰው ከሥልጣን ሲያነሡ ብዙ ጊዜ በሹመት ጠቅልለው ነበር። በ1947 ዓ.ም. እጅግ ኃያል የነበሩት ጸሐፌ ትእዛዝ ወልደ ጊዮርጊስ ወልደ ዮሐንስ ከጽሕፈት ሚኒስትርነት ተነሥተው የአርሲ አገረ ገዥ ሆኑ፤ ሹመት ነው፣ እንኳን ደስ ያለዎት የሚልም አይጠፋም፤ ከቤተ መንግሥት መራቃቸውን ግን አገር ያውቃል። የራሳቸው የንጉሠ ነገሥቱ ተራ ሲደርስ እንዲያ ያለ ማለሳለሻ አልነበረም። መስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. ጠዋት መኮንኖች ኢዮቤልዩ ቤተ መንግሥት ገብተው ከፊታቸው ቆመው የማውረጃውን አዋጅ አነበቡላቸው፤ ከዚያም በቮልስዋገን ወደ አራተኛ ክፍለ ጦር ወሰዷቸው። ርኅራኄ አለበት የሚል የለም። ግን ፊት ለፊት ቆመው አነበቡት፤ ይህን እንኳ የማያሟላ የመምሪያ ኃላፊ ዛሬ ስንት አለ!

ፊት ለፊት መሆኑ ብቻም አይበቃም። አንድ ደግ አለቃ ነበሩን፣ እውነተኛ ደግ። አንዲትን የጽዳት ሠራተኛ ራሳቸው ሊነግሯት ቆረጡና እኔ አብሬ ተቀመጥኩ። «እማማ፣ እንዴት ብዬ እንደምነግርዎት…» ብለው ጀመሩና ድምፃቸው ተሰበረ። መሐረባቸውን አወጡ። ትከሻቸው ይርገፈገፍ ጀመር። እማማ ነገሩ ገና አልገባቸውም፤ ቤተሰብ የሞተባቸው መስሏቸው ደረታቸውን ደቁ። ከዚያ ተነሥተው ውኃ ቀዱላቸው፤ ጀርባቸውን እያሻሹ «አይዞዎት የኔ ጌታ፣ እግዜር ያውቃል» አሏቸው። አለቃው ውኃውን ጠጥተው ቀለል አላቸው። እማማ ደግሞ የተሰናበቱት እሳቸው መሆናቸውን የሰሙት ቆይተው ከእኔ ነው፤ በዚያ ሰዓት የሚያጽናና አልቀረላቸውም፤ ማጽናናቱ አልቋል። ከሐዘንተኛዋ በላይ የሚያለቅስ ለቀስተኛ ምን ያደርጋል?

ምክንያትን በወጉ ማስረዳት ምን እንደሚያመጣ የተለካ ነገር አለ። አሜሪካዊው ተመራማሪ ጀራልድ ግሪንበርግ በ1990 እ.ኤ.አ. ያሳተመው ጥናት ነው። አንድ አምራች ድርጅት ሥራ ሲቀዘቅዝበት በሁለት ፋብሪካዎቹ ለ10 ሳምንት ደመወዝ በ15 በመቶ ቀነሰ። በአንዱ ፋብሪካ የድርጅቱ ፕሬዚዳንት 90 ደቂቃ ያህል ተቀምጠው፣ ሒሳቡን አሳይተው፣ ማዘናቸውን ገልጸው፣ ጥያቄ መለሱ። በሌላው አንድ ኃላፊ በ15 ደቂቃ ተናግሮ ወጣ። በሁለቱም ቦታ ከፋብሪካው ዕቃ መሰረቅ ጨመረ፤ ባልተብራራላቸው ዘንድ ግን እጅግ የበለጠ ጨመረ። ይህን ለንብረት ክፍል ኃላፊያችን ብነግራቸው አልተደነቁም። «ለዚህ አሜሪካ መሄድ ምን ያስፈልግ ነበር? እኔ ደመወዝ ዘግይቶ ምክንያቱ ያልተነገረ ለት ሶፍት ቶሎ እንደሚያልቅ አውቃለሁ» አሉ።

እሳቸውን ካነሣሁ አይቀር ክሊራንስን ልጥቀስ። የተሰናበተ ሰው ዕዳ እንደሌለበት በየክፍሉ እየዞረ ያስፈርማል። ቤተ መጻሕፍት፣ ንብረት፣ ፋይናንስ፣ መኪና ስምሪት፤ መኪና ነድቶ የማያውቅም ስምሪት ያስፈርማል። በየበሩ ታሪኩን እንደ አዲስ ይናገራል፤ በየበሩ «ወይኔ! አንተም?» ይባላል። ንብረት ክፍል ላይ አንድ ስቴፕለር ይጎድላል። ከዓመታት በፊት የፈረመበት ነው፤ የት እንደገባ ማንም አያውቅም። የዚያን ሰው ወገብ የሚቆርጠው ስንብቱ ሳይሆን ስቴፕለሩ ነው። እኔ አሁን ክሊራንሱን ራሴ ይዤ እዞራለሁ፤ ሰውየው ሻዩን ይጠጣል። ይህን ማድረግ የሚከለክል መመሪያ ፈልጌ አላገኘሁም።

አለቆች አንዳንዴ «እንዴት ልበለው?» ብለው ይጠይቁኛል። አነጋገር ያውቃል የተባልኩት እኔ የምሰጠው ምክር ያሳዝናቸዋል፤ አጭር ነውና። ስለ አየር ጠባይና ስለ ልጆቹ ጤና አትጠይቁ፤ ሰውየው ፊታችሁን አይቶ ገብቶታል፤ እያንዳንዱ «ቤተሰብ ደኅና ነው?» ላቡን ያመጣዋል። በመጀመሪያው ትንፋሽ ንገሩት። «ወስነናል» በሉ፤ «ተወሰነ» አትበሉ። ምክንያቱ የገንዘብ እጥረት ከሆነ የሥራ ድክመት አትፈልጉለት፤ ድክመቱ ከሆነ ደግሞ «በጀት ነው» ብላችሁ አታታልሉት፤ በሚቀጥለው መሥሪያ ቤትም ይደግመዋልና። ከዚያ በኋላ ዝም በሉ። ቢጮኽ ይጩኽ። ዝምታው ሲከብዳችሁ ተስፋ ለመስጠት ትፈተናላችሁ፤ «ምናልባት ከሁለት ወር በኋላ የምንጠራህ ይሆናል» ማለት ያምራችኋል። የማትጠሩት ከሆነ ያችን ቃል ዋጧት። ሰው ሥራ ፈትቶም ሊኖር ይችላል፤ የአለቃ «ምናልባት» ተሸክሞ ግን ሌላ ሥራ አይፈልግም።

ሌላው ወረቀት ነው። ውሉ ይቋረጣል ከተባለ በኋላ ጆሮ አይሰማም። ስለዚህ የሚገባውን ሒሳብ በአንድ ገጽ ጽፋችሁ ስጡት፤ ማታ ከባለቤቱ ጋር ያነበዋል። በቅነሳ የሚወጣ ሰው የሥራ ስንብት ክፍያ ለመጀመሪያው ዓመት የ30 ቀን ደመወዝ ነው፤ ለእያንዳንዱ ተጨማሪ ዓመት የዚያው አንድ ሦስተኛ ይታከልበታል፤ ጠቅላላው ከ12 ወር ደመወዝ አይበልጥም። ቅነሳ በመሆኑ ደግሞ ሌላ የ60 ቀን ይጨመርለታል። ስድስት ዓመት ያገለገለ ሰው 80 ቀንና 60 ቀን፣ በድምሩ የ140 ቀን ደመወዝ አለው። ይህን ቁጥር ሰው ከሻይ ቤት ወሬ ሳይሆን ከእናንተ አፍ ይስማው። የሥራ ልምድ ማስረጃውንም ሳይጠይቃችሁ ጻፉለት፤ ለመጠየቅ ተመልሶ በዚያ በር መግባት ለእናንተ ቀላል ይመስላችኋል።

እንግዲህ ሰሞኑን ጠረጴዛችሁ ላይ እንዲህ ያለ ደብዳቤ ያላችሁ አለቆች፣ አንድ ልመና አለኝ። ማክሰኞ ጠዋት አድርጉት፣ ራሳችሁ ስጡት፣ ያን ዕለት መስክ አትውጡ። ገንዘቡንም ቢሆን ሕጉ ውሉ ከተቋረጠ በ7 የሥራ ቀናት ውስጥ ይከፈል ይላል፤ እናንተ በዚያው ዕለት ክፈሉት፤ «አንድ ፊርማ ጎድሏል፣ ነገ ተመለስ» የሚል እንዳይኖር ፈራሚዎቹን አስቀድማችሁ ሰብስቡ።